መብራቱ ምን ነበር?

በዋሽንግተን ዲሲና በዙሪያዋ የሚኖር ሐበሻ ሁሉ ቢያንስ አንድ ጊዜ የሰማት ዐረፍተ ነገር አለች። «ዲለር ጋ ሄደህ ለምን ትቃጠላለህ? እኔ ከኦክሽን አወጣልሃለሁ!» ይህች ዐረፍተ ነገር ከቅዳሴ በኋላ ሻይ ሲጠጣ፣ ለቅሶ ቤት ካርታ ሲጫወቱ፣ ክርስትና ቤት ሁለተኛው ቢራ ሲከፈት ትነገራለች። ተናጋሪው ምንጊዜም የምናውቀው ሰው ነው። ወይ ያገር ልጅ፣ ወይ የዕድር አባል፣ ወይ አበ ልጅ። የማናውቀው ሰው ቢናገራትማ ኖሮ ኪሳችንን ከመዳበሳችን በፊት ሁለት ሦስት ጥያቄ እንጠይቀው ነበር።

አንድ ወዳጄ ይህችን ዐረፍተ ነገር በ9,500 ዶላር ገዛት።

ወዳጄ ለዓመታት የዲሲ ታክሲ ሲነዳ የኖረ ሰው ነው። ኡበር እ.ኤ.አ. በ2011 መጨረሻ ከተማዋ ገብቶ የታክሲውን ገበያ ሲያምሰው እሱም እንደ ጓደኞቹ ቀስ በቀስ ወደዚያው ዞረ። ለእንዲህ ያለ ሰው መኪና ማለት መሥሪያ ቤት ማለት ነው፤ መኪናው ቆመ ማለት ደመወዙ ቆመ ማለት ነው። ባለፈው ዓመት አሮጌዋ መኪናው አልንቀሳቀስ ስትለው አበ ልጁ ደረሰለት። አበ ልጁ የዲለር ፈቃድ ያለው፣ በሳምንት አንድ ቀን ጨረታ ቦታ የሚውል ሰው ነው። «አንዲት ካምሪ አውጥቼልሃለሁ። መኪና እንዳትላት፣ ሙሽራ ናት!» አለው። ወዳጄ ሄዶ አያት። ታጥባለች፣ ተወልውላለች፣ ውስጧ ሽቶ ሽቶ ይላል። ሞተሯን አስነሳው፤ ድምፅ የለውም። ሰፈሩን አንድ ጊዜ ዞረባት። ከዚያ ብሩን ቆጥሮ ሰጠ። መካኒክ ላሳያት ብሎ አስቦ ነበር፤ ግን «አላመንከኝም ማለት ነው?» እንዳይባል ፈራ።

ሦስት ሳምንት አልሞላም። መኪናዋ አንድ ቀን ተሳፋሪ እንደጫነች አውራ ጎዳና ላይ ሞተሯ እየጮኸ ጎማዋ አልሄድ አለ። ተጎትታ ጋራዥ ገባች። መካኒኩ «ካምቢዮው አልቆለታል» አለ። ወንበሩን ወደ ኋላ ሲገፋው ደግሞ ከሥሩ አንድ የታጠፈ ወረቀት አገኘ። የጨረታው ወረቀት ነበር። የተሸጠችበት ዋጋ 5,800 ዶላር። መብራት፦ ቀይ። ከሥሩ ደግሞ በሻጩ የተነገረ ጉድለት፦ ካምቢዮ።

እንግዲህ አበ ልጁ ያውቅ ነበር ማለት ነው። በጽሑፍ ተነግሮታል፤ የገዛትም ያንን ተቀብሎ ነው።

«ታዲያ ወረቀቱን ይዘህ ሂድበታ!» አልኩት ወዳጄን።

«አበ ልጄ እኮ ነው» አለኝ። «ልጄን ክርስትና ያነሳ ሰው ፊት ወረቀት ይዤ ልቁም? ሰው ምን ይለኛል?»

ይህን ጽሑፍ ያጻፈችኝ የካምቢዮው መበላሸት ሳትሆን ይህች መልስ ናት።

መጀመሪያ ስለ ጨረታው እንነጋገር፤ ብዙዎቻችን ስሙን እንጂ ግብሩን አናውቀውምና። አሜሪካ ውስጥ «የዲለር ኦክሽን» የሚባለው ነጋዴ ለነጋዴ የሚሸጥበት የጅምላ ገበያ ነው። ፈቃድ የሌለው ተራ ሰው በሩን አልፎ አይገዛም። ሻጮቹ ባንኮች፣ የመኪና አከራይ ድርጅቶች፣ የኪራይ ውላቸው ያለቀ መኪኖችን የሚመልሱ ኩባንያዎች፣ እንዲሁም አሮጌ መኪና በቅያሪ ተቀብለው ግቢያቸው ማቆም የማይፈልጉ ዲለሮች ናቸው። ከእነዚህ ገበያዎች ትልቁ ከዋሽንግተን ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ቢነዱ የሚደረስበት፣ በፔንስልቬንያ ግዛት በማንሃይም ከተማ ያለው ነው። እ.ኤ.አ. በ1945 የተጀመረ ሲሆን ዛሬ ከሠላሳ በላይ መስመሮች አሉት፤ በየመስመሩ መኪኖች እንደ ወንዝ ይፈሳሉ። ጨረታ መሪው ትንፋሽ ሳይወስድ ዋጋ ይጠራል፣ ገዢዎች በዐይን ጥቅሻ ይጨምራሉ፣ አንዷ መኪና አንድ ደቂቃ እንኳ ሳትቆም ትሸጣለች። እ.ኤ.አ. በ2020 ኮሮና አዳራሾቹን ሲዘጋቸው ደግሞ ገበያው በስክሪን ቀጥሎ ነበር፤ ዛሬም ብዙው ገዢ ከቤቱ ሆኖ ነው የሚጫረተው።

ታዲያ በአንድ ደቂቃ ውስጥ ማን ሞተር አስከፍቶ ያያል? ማንም። ስለዚህ መብራት አበጁ። ከጨረታ መሪው አጠገብ አረንጓዴ ከበራ ሻጩ «መኪናዋ ትነዳለች፣ ትልቅ ጉድለት የለባትም» እያለ ነው፤ ገዢው ወስዶ ከተባለው ውጭ ከባድ ነገር ካገኘባት በተወሰነው ጊዜ ውስጥ ወደ ጨረታው ሽማግሌዎች ሄዶ ክርክር ይከፍታል፤ ሽያጩም ሊፈርስ ይችላል። ቢጫ ከበራ «ጆሮህን ጣል፣ የሚነገር ጉድለት አለ» ማለት ነው። ቀይ ከበራ «እንዳለች ነው፤ ሞተሯ ቢወድቅ፣ ካምቢዮዋ ቢያልቅ አንተን አያገባኝም» ማለት ነው። ሰማያዊው ደግሞ የባለቤትነት ደብተሯ ገና እጅ አለመግባቱን ይናገራል። ከዚህ በላይ የጥንቃቄ ሰው የሆነ ዲለር ጥቂት ገንዘብ ጨምሮ ከግዢው በኋላ መኪናዋን ለጨረታው መካኒኮች ማስመርመር ይችላል።

አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። እዚያ አዳራሽ ውስጥ የሚውሉት ሰዎች ቅዱሳን አይደሉም። ብዙዎቹ እርስ በርስ አይተዋወቁም፤ የሚተዋወቁትም አይተማመኑም። ግን አለመተማመናቸውን አልደበቁትም፤ ሥርዓት አበጁለት፣ መብራት ሰቀሉለት፣ ዳኛ አቆሙለት። ሻጩ እውነቱን የሚናገረው ከደግነት አይደለም፤ አረንጓዴ አብርቶ ቢዋሽ መኪናዋ ተመልሳ በሩ ላይ እንደምትቆም ስለሚያውቅ ነው። በዚህ ምክንያት በአሜሪካ የአሮጌ መኪና ንግድ ውስጥ እውነት ከሚነገርባቸው ጥቂት ቦታዎች አንዱ ይህ ገበያ ሆነ።

እኛስ? እኛ ከዚህ ተቃራኒ ነን። መተማመናችንን ሥርዓት ነፈግነው። መኪናዋ እውነት በጽሑፍ ከተነገረባት አዳራሽ ትወጣና «ሙሙዬ ትሙት» ወደሚባልበት ምድር ቤት ትገባለች። በማለዳ በእንግሊዝኛ «ካምቢዮዋ ችግር አለበት» ተብሎ የተነገረላት መኪና ማታ በአማርኛ ሙሽራ ትሆናለች። ቀዩ መብራት ከጨረታው በር አያልፍም። የሚያልፈው ዋጋው ብቻ ነው፤ እሱም ጨምሮ ነው የሚያልፈው።

የአገሩ ሕግ ይህን ክፍተት አላየውም እንዳትሉ። እ.ኤ.አ. ከ1985 ጀምሮ የፌዴራሉ ንግድ ኮሚሽን ደንብ በዓመት ከአምስት በላይ አሮጌ መኪና የሚሸጥ ሁሉ በመስኮቱ ላይ የገዢ መምሪያ የሚባል ወረቀት እንዲለጥፍ ያዛል። ወረቀቱ መኪናዋ ዋስትና ያላት ወይስ «እንዳለች» የምትሸጥ መሆኗን ይናገራል፤ ከመግዛትህ በፊት ገለልተኛ መካኒክ ያያት ዘንድ ጠይቅ ብሎም ይመክራል። የሚገርመው፣ ሽያጩ በስፓኒሽ ከተካሄደ ወረቀቱም በስፓኒሽ መሆን አለበት ይላል ደንቡ። ስለ አማርኛ ግን የሚለው የለም። እኛም በአማርኛ ስንሻሻጥ የእንግሊዝኛውን ወረቀት እንኳ ለጥፎ ያየሁት የሐበሻ መኪና የለም፤ ምክንያቱም መኪናዋ የምትሸጠው በዲለር ግቢ ሳይሆን በቤተ ክርስቲያን ማቆሚያ ነዋ! ሻጩ «እኔ ለወንድሜ ነው ያወጣሁት» ይላል። በዓመት ለስንት ወንድሞቹ እንዳወጣ የሚቆጥር የለም።

ከዚያ የባሰ አለ። አንዳንዱ «አውጪ» ፈቃድ እንኳ የለውም። የሌላ ሰው ፈቃድ ተከራይቶ፣ በሌላ ሰው ካርድ ገብቶ የሚገዛ ነው። ነገ አንድ ችግር ሲመጣ ባለ ፈቃዱ «አላውቅህም» ይልሃል፤ አውጪው «ወረቀቱ በሱ ስም ነው» ይልሃል። አንተ መሐል ላይ ቁልፍ ይዘህ ትቀራለህ።

ጉዳዩ የካምቢዮ ብቻ ቢሆን ዕዳው ገብስ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2005 የካትሪና፣ በ2017 ደግሞ የሃርቪ ማዕበል በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ መኪኖችን ውኃ ውስጥ ነክሯል። ከእንዲህ ያሉ መኪኖች ከፊሎቹ ታጥበውና ደርቀው፣ ከአንዱ ግዛት ወደ ሌላው ሲዛወሩ ከደብተራቸው ላይ «የተጎዳ» የሚለው ምልክት ጠፍቶ፣ እንደገና ገበያ ወጥተዋል። ውኃ የገባው ሽቦ ዛሬ ይሠራል፣ ነገ የአየር ከረጢቱን አይፈታም። የአየር ከረጢት ነገር ከተነሳ ደግሞ፣ አምራቹ «ጉድለት አለበት፣ አምጡና በነፃ ልጠግን» ብሎ የጠራው መኪና ሳይጠገን በዲለር እጅ እንዳይሸጥ የሚከለክል የፌዴራል ሕግ ያለው ለአዲስ መኪና ነው። ለአሮጌው የለም። ስለዚህ መኪናዋ የተጠራች መሆን አለመሆኗን ራስህ ካልጠየቅህ የሚነግርህ ላይኖር ይችላል። ኋላ ወንበር ላይ ደግሞ የምትቀመጠው ያቺው ክርስትና የተነሳችው ልጅ ናት።

እዚህ ላይ የአውጪዎቹንም ክርክር ልስማላቸው፤ ጨርሶ መሠረት የለውም አልልም። አንዱን ጠይቄው ነበር። «ስማ» አለኝ፣ «ሌሊት ተነስቼ ነው የምሄደው። ለጨረታው የገዢ ክፍያ እከፍላለሁ፣ ማስጎተቻ እከፍላለሁ፣ ጎማ እቀይራለሁ። የኛ ሰው ደግሞ ርካሽ ካልሆነ አይገዛም። በዚህ ዋጋ ዋስትና ስጥ ካልከኝ ሱቄን ልዝጋ!» እውነቱን ነው። ማትረፉ ኃጢአት አይደለም። ቀይ መብራት የበራባት መኪና መግዛትና መሸጥም ኃጢአት አይደለም፤ እጁን የሚያምን መካኒክ ሊፈልጋት ይችላል። 5,800 ገዝቶ 9,500 መሸጡንም ለነጋዴ ሕሊና እተወዋለሁ። የማልተወው አንድ ነገር ነው፤ ወረቀቱን መደበቁን። ካምቢዮዋ እንደታመመ ተነግሮህ፣ በዚያ ምክንያት በርካሽ ገዝተህ፣ ሳትነግር በጤነኛ ዋጋ ከሸጥክ ያተረፍከው ከድካምህ አይደለም፤ ከወንድምህ አለማወቅ ነው። ለዚህ በአማርኛ ሌላ ስም አለው።

«ኢንስፔክሽን አልፋለች እኮ!» የሚል መልስም አለ። ይህም ዐይን መጨፈኛ ነው። የግዛቶቹ የደኅንነት ምርመራ የሚያየው ፍሬን፣ ጎማ፣ መብራት፣ መሪና የመሳሰለውን ነው። ካምቢዮዋ ስንት ወር እንደቀረው አይጠይቅም። ምርመራ ማለፍ መንገድ ላይ ሰው አትገድልም ማለት እንጂ መንገድ ላይ አትቆምም ማለት አይደለም።

አሁን ደግሞ ወደኛ ወደ ገዢዎቹ ልዙር፤ ንጹሓን መስለን እንዳንወጣ። ወዳጄ ለካምሪዋ 9,500 ዶላር በጥሬው ቢከፍልም የሽያጩ ወረቀት ላይ የተጻፈው 5,000 ነው። ግብሩ እንዲያንስ። ይህን ሐሳብ ማን ያመጣው ይመስላችኋል? ወዳጄ ራሱ! «አምስት ሺህ በልልኝ» አለ፤ አበ ልጁም በደስታ አለለት። ዛሬ ወዳጄ ይሉኝታውን ጥሎ ዳኛ ፊት ቢቆም በገዛ ፊርማው 4,500 ዶላሩን አልከፈልኩም ብሏል። የተቀረውን ልጠይቅ ቢል ደግሞ ግብር መስረቁን በራሱ አፍ ሊመሰክር ነው። መንግሥትን ለማታለል አብረን የቆረጥነው ወረቀት ዞሮ እኛኑ አሰረን። በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል ይላል ያገራችን ሰው፤ በመጽሐፍ ውሸት የጻፈ ምን እንደሚወርስ ግን አልነገረንም።

ሥር የሰደደው በሽታችን ግን ሌላ ነው። ይሉኝታ ነው። እኛ ዘንድ መጠየቅ መጠርጠር ነው፤ መጠርጠር ደግሞ መሳደብ። «መካኒክ ልያት» ካልክ ሰውየውን ሌባ አልከው ማለት ነው። ይህ አስተሳሰብ «ባህላችን ነው» ሲባል እሰማለሁ። ውሸት! ባህላችን ይህ አልነበረም። አያቶቻችን ገበያ ወጥተው በቅሎ ሲገዙ አፏን ከፍተው ጥርሷን ያያሉ፣ እግሯን አንድ በአንድ ያነሳሉ፣ ይጋልቧታል። ይህን ሁሉ ጨርሰው «ዋስ ጥራ!» ይላሉ። ሻጩ የሥጋ ዘመድ ቢሆንም ዋስ ይጠራል። ማንም አይቆጣም፤ የሚቆጣ ካለ በቅሎዋ የተሰረቀች ናት ማለት ነው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም ሻጭ ለሸጠው ዕቃ ጉድለት ተጠያቂ የሚሆንበትን አንቀጽ አስቀምጧል። እኛ ውቅያኖስ ተሻግረን ስንመጣ ፍቅሩን ይዘን ዋሱን እዚያው ረሳነው። በቅሎዋ ጥርስ አላት፤ ካምሪዋም ጥርስ አላት። ጥርሷ ወረቀቷ ነው።

ስለዚህ ከእንግዲህ «ከኦክሽን አወጣልሃለሁ» ያለንን ሰው፣ ወንድምም ይሁን ቄስ፣ አራት ነገር እንጠይቀው። አንደኛ፣ የጨረታውን ወረቀት አሳየኝ፤ መብራቱ ምን ነበር፣ የተነገረ ጉድለትስ? ዋጋውን በጣትህ ሸፍነህ ብታሳየኝም አልቀየምም። ሁለተኛ፣ አሥራ ሰባት ሆሄና ቁጥር ያላትን የሻንሲ ቁጥሯን ስጠኝ፤ የደብተሯን ታሪክ ላጣራ። ግዛቶች የሚመዘግቡትን የባለቤትነትና የጉዳት ታሪክ ተራው ሰው በጥቂት ዶላር ማየት ከቻለ እ.ኤ.አ. ከ2009 ወዲህ ዓመታት አልፈዋል፤ ለጥገና መጠራት አለመጠራቷን ማየት ደግሞ ነፃ ነው። ሦስተኛ፣ እኔ የመረጥኩት መካኒክ ይያት። ክፍያው የአንድ ቀን የኡበር ገቢ አይሞላም። አራተኛ፣ የከፈልኩት በሙሉ ወረቀቱ ላይ ይጻፍ፤ ግብሩንም እከፍላለሁ።

እነዚህን አራት ጥያቄዎች ሰምቶ የሚስቅ ሐቀኛ አውጪ አለ፤ እንዲያውም ወረቀቱን ራሱ ቀድሞ ያወጣል። እንዲህ ያሉ ሰዎችን አውቃለሁ። ጥያቄዎቹ የሚጠቅሙት በመጀመሪያ ደረጃ ለእነሱ ነው፤ ሁላችንም ሳንጠይቅ በምንገዛበት ገበያ ቀይዋን እንደ አረንጓዴ የሚሸጠው ያሸንፋቸዋልና። የሚቆጣም አለ። የተቆጣውን ሰው አመስግናችሁት ሂዱ፤ መብራቱን በፊቱ ላይ አብርቶላችኋል።

ወዳጄ ጉዳዩን በዝምታ አለፈው ብዬ ነበር። ዝምታው ያተረፈለትን ልንገራችሁና ልጨርስ። ካምቢዮውን በብድር አስቀየረ፤ ዕዳውን ለመክፈል ሌሊትም ይነዳል። አበ ልጁን ግን አላጣውም እንዳትሉ። አሁን ከቅዳሴ በኋላ ለሻይ አይቀርም፤ ሻይ ቤቱ በር ላይ አበ ልጁ እንዳለ ካየ ልጁን በሌላ በር ይዞ ይወጣል። ሰውየው ስልክ ሲደውል አያነሳም። ባለፈው ልደቷ ላይ ልጅቱ «የክርስትና አባቴ ለምን አልመጣም?» ብላ ስትጠይቅ «ሥራ ይዞት ነው» አላት። ዝምድናውን ላለማበላሸት ብሎ ያልጠየቃት አንዲት ጥያቄ ዝምድናውን ከካምቢዮው ቀድማ ጨረሰችው። ያኔ ገና ብሩን ሳይቆጥር በሳቅ መሐል «እግዜር ይስጥልኝ አበ ልጅ፣ መብራቱ ግን ምን ነበር?» ቢለው ኖሮ፣ ቢበዛ የሚያጣው አንዲት ካምሪ ነበረች።